ለአምስት ዓመት ልጅም ለአያትም የሚሆን ኒንጃ ጃፓን ውስጥ የት ይገኛል?

ጥያቄው የመጣው ፍራንክፈርት ከሚኖሩ እናት ነው። አሳጥሬ ላስቀምጠው፦ «ኤፕሪል ላይ ከባለቤቴ፣ ከአሥር ዓመት ወንድ ልጄና ከአምስት ዓመት ሴት ልጄ ጋር ለአሥራ ሁለት ቀን ጃፓን እንሄዳለን። እናቴም ከአዲስ አበባ መጥታ ቶኪዮ ላይ ትቀላቀለናለች። ወንዱ ኒንጃ ካላየሁ ብሎ ሙጭጭ ብሏል። ባለቤቴ ‹የቱሪስት ገንዘብ መብያ ነው› ይላል። እኔ ደግሞ ልጆቹ ጥቁር ልብስ ለብሰው ፎቶ ተነሥተው ብቻ እንዲመለሱ አልፈልግም፤ ስለ አገሩ ባህል አንድ ነገር እንዲይዙ ነው የምፈልገው። የት ብንሄድ ይሻላል? ትንሿን አያስፈራትም? እናቴ ጉልበቷን ያማታል፣ ጾም ላይም ትሆናለች። በጣት የሚሠሩት ምልክትስ ከእምነት ጋር የተያያዘ ነገር አለው?»

ጤና ይስጥልኝ እህቴ። ጃፓን ውስጥ ቤተሰቦችን ማስጎብኘት ሥራዬ ከሆነ ዓመታት አልፈዋል፤ ከሚጠየቁኝ ነገሮች ሁሉ ይሄኛው ደስ ይለኛል፤ ምክንያቱም በደንብ ከተመረጠ ልጅ ከማይረሳቸው ቀኖች አንዱ ይሆናል። መልሴን አስቀድሜ ልንገርዎት፦ አንድ ሙሉ ቀን ነፃ አድርጉና ኢጋ ወደምትባለው የኒንጃዎች አገር ሂዱ። ኪዮቶ ወይም ኦሳካ አድራችሁ ጠዋት ወጥታችሁ ማታ ትመለሳላችሁ። ሌላው ሁሉ ጭማሪ ነው፤ ጊዜና ገንዘብ ከተረፈ የሚታይ።

ባለቤትዎ ያሉት ግማሹ ልክ ነው። ትልልቆቹ ከተሞች ውስጥ ልብስ አልብሰው፣ ሦስት የመወርወሪያ ኮከብ አስወርውረው፣ ፎቶ አንሥተው የሚያሰናብቱ ቤቶች ሞልተዋል። እንዲህ ያለው መጥፎ ነው አልልም፤ ልጅ ይደሰትበታል። ግን እርስዎ የጠየቁት ሌላ ነገር ነው። እሱን ለማግኘት ኒንጃ የሚባለው ሰው ማን እንደነበር ቀድሞ ማወቅ ይጠቅማል፤ አለዚያ ልጁ ጥቁር ለባሽ ሰይፈኛ ሲጠብቅ የገበሬ ቤት ያሳዩትና ያዝናል።

በዘመናቸው ይበልጥ የሚጠሩት «ሺኖቢ» ተብለው ነው፤ ተሸሽጎ የሚሠራ ሰው እንደማለት። ሥራቸው በዋናነት መረጃ ማምጣት ነበር። ጠላት አገር ገብቶ፣ ማን ከማን ጋር እንደተጣላ፣ ስንት ጎተራ እህል እንዳለ፣ የትኛው በር ደካማ እንደሆነ አይቶ፣ በልቡ ይዞ፣ በሕይወት መመለስ። የተዋጋ ሺኖቢ ሥራው የተበላሸበት ሺኖቢ ነው። ስለዚህ ጥቁር ልብስ ለብሶ ቀን ለቀን አይዞርም፤ ነጋዴ፣ መነኩሴ፣ የተራራ ባሕታዊ፣ መንገድ ላይ ተጫዋች፣ ቅርጫት የሚመስል ባርኔጣ ፊቱ ላይ ደፍቶ ዋሽንት የሚነፋ ለማኝ መነኩሴ ሆኖ ነው የሚሄደው። ጃፓኖቹ ይህንን «ሰባቱ አለባበስ» ይሉታል፤ ሰባተኛው እንዲያውም ምንም የተለየ ነገር የሌለው ተራ ሰው ነው። ያ ሁላችንም የምናውቀው ጥቁር ልብስ የገነነው ከቴአትር መድረክና ከሥዕል ነው።

ለእናትዎ ሲያስረዱ «ሰላይ» ወይም «ጆሮ ጠቢ» አይበሏቸው፤ ፊታቸው ይጠቁራል። «የውስጥ አርበኛ» ይበሏቸው። በጣሊያን ጊዜ ከተማ ውስጥ እንደ ማንም ሰው እየኖሩ፣ ያዩትንና የሰሙትን ጫካ ላሉት አርበኞች ያደርሱ የነበሩትን ማለቴ ነው። አንዲት በእናትዎ ዕድሜ ያሉ አያት ይህን ስነግራቸው «እንግዲህ አባቴም ኒንጃ ነበር በለኛ» አሉኝ፤ ከዚያ በኋላ ሙዚየሙን ከልጅ ልጆቻቸው በላይ የተከታተሉት እሳቸው ነበሩ።

ኢጋ ሚኤ በሚባለው ክፍለ ሀገር ውስጥ፣ ዙሪያውን ተራራ የከበበው ረባዳ አገር ነው። ከተራራው ማዶ በስተሰሜን ሺጋ ክፍለ ሀገር ውስጥ ደግሞ ኮካ አለ። ሁለቱም ጋ ታላቅ ጌታ የሚባል ሰው ሥር አልሰደደም፤ ትናንሽ ባለ ርስት ቤተሰቦች ተማክረው ራሳቸውን ያስተዳድሩ ነበር። መሬታቸው ጠባብ፣ ጎረቤቶቻቸው ኃይለኛ፤ ስለዚህ በጉልበት ሳይሆን በብልሃት መኖር ግድ ሆነባቸው። እ.ኤ.አ. በ1487 የአገሩ የጦር ገዥ የነበረው የአሺካጋ ቤተሰብ ሾጉን ኮካ አካባቢ ሊወጋ መጥቶ ሲሰፍር፣ የኮካ ሰዎች በሌሊት ሰፈሩን ደፍረው ስማቸው ተጠራ። በ1579 የኃያሉ የጦር መሪ የኦዳ ኖቡናጋ ልጅ ኢጋን ልያዝ ብሎ ገብቶ ተዋርዶ ወጣ። በ1581 ግን አባትየው ራሱ በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሠራዊት በየአቅጣጫው አስገብቶ አገሩን አቃጠለው። በዓመቱ ኖቡናጋ በገዛ መኮንኑ ተከድቶ ሞተ፤ በዚያን ሰዓት ጥቂት ሰው ብቻ ይዞ ኦሳካ አጠገብ ሳካይ ላይ የነበረው የኖቡናጋ አጋር ቶኩጋዋ ኢኤያሱ ወደ አገሩ ለመድረስ ማለፍ የነበረበት በኢጋ ተራሮች ነበር። የኢጋና የኮካ ሰዎች መሩት፣ ጠበቁት፣ አደረሱት። ሰውየው በኋላ ሾጉን ሲሆን አልረሳቸውም፤ ቶኪዮ አምጥቶ በር ጠባቂ አደረጋቸው። ይህን ታሪክ ለወንዱ ልጅዎ አውሮፕላን ላይ ይንገሩት። የበሩ ነገር ወደ ኋላ ይመጣል።

መንገዱ ራሱ ጨዋታ ነው። ከኦሳካ ኪንቴትሱ በሚባለው የግል ኩባንያ ባቡር እስከ ኢጋ ካምቤ፣ ከዚያ ወርዳችሁ በትንሿ የኢጋ ባቡር ወደ ኡኤኖሺ ጣቢያ። ከኦሳካ በር እስከ ሙዚየሙ በር ሁለት ሰዓት ያህል ያዙለት። አንዳንዶቹ የኢጋ ባቡሮች ፊታቸው ላይ ሁለት ትልልቅ የኒንጃ ዓይኖች ተሥለውባቸዋል፤ ሥራው የታዋቂው የካርቱን ሠዓሊ የሌይጂ ማትሱሞቶ ነው። ሮዝ አለ፣ ሰማያዊ አለ፣ አረንጓዴ አለ፤ የትኛው እንደሚመጣ ልጆቹ ይወራረዱ። ኡኤኖሺ ጣቢያም ከ2019 ጀምሮ «ኒንጃሺ» የሚል ተጨማሪ ስም አለው፤ ኒንጃ ከተማ ማለት ነው። ጃፓን ሬይል ፓስ የሚባለውን የቱሪስት ባቡር ማለፊያ ከገዛችሁ ኪንቴትሱም ሆነ የኢጋ ባቡር ላይ እንደማይሠራ አትርሱ፤ ትኬቱ ለብቻ ነው። ጥሬ ገንዘብም ያዙ፤ ገጠር ውስጥ ካርድ ሁልጊዜ አያዋጣም።

ከጣቢያው ሙዚየሙ በእግር አሥር ደቂቃ ቢሆን ነው፤ ወደ ላይ የሚወጣ መንገድ ስላለው ከእናትዎ ጋር ሃያ ይበሉት። የኢጋ ስልት ኒንጃ ሙዚየም ይባላል፤ ኡኤኖ ፓርክ ውስጥ ከቤተ መንግሥቱ ግንብ አጠገብ ነው። እዚያ ያለው ጥንታዊ የገበሬ ቤት ነው ቀኑን የሚያሳምረው። የሣር ክዳን፣ ጭቃ ግድግዳ፣ ዝቅ ያለ ጣሪያ። እናትዎ ሲያዩት የገጠር ቤት ትዝ ይላቸዋል። ቀረብ ብለው ካላዩት ምንም የለበትም።

አንድ ጊዜ ከአንዲት የአምስት ዓመት ልጅ ጋር የሆነውን ልንገርዎት። የኒንጃ ልብስ የለበሰችው አስጎብኚ ክፍሉ ውስጥ ቆማ ታስረዳለች፤ ልጅቷ አልገባትም፣ እናቷን ጎትታ ልትወጣ ነበር። በዚህ መሐል አስጎብኚዋ ወደ ግድግዳው ዞራ በትከሻዋ ገፋ አደረገችውና ጠፋች። ግድግዳው መሐሉ ላይ ባለ ምሰሶ ዞሮ መልሶ ተዘግቷል፤ ሰሌዳው ከሁለቱም በኩል አንድ ዓይነት ስለሆነ የት ጋ እንደተከፈተ አይታይም። ልጅቷ አፏን ከፍታ ቀረች። ቀስ ብላ ሄዳ በመዳፏ ዳበሰችው። ከዚያ አስጎብኚዋ በሌላ በኩል ብቅ አለችና ወለሉ ላይ ተንበርክካ የአንዱን ጣውላ ጫፍ ጫን አለችው፤ ሌላው ጫፍ ተነሣና ከሥሩ የተደበቀ ሰይፍ ወጣ። መደርደሪያ መስሎ የቆመው ደግሞ ወርዶ ደረጃ ሆነ። ከዚያ በኋላ ልጅቷ ቀኑን ሙሉ ምግብ ቤት ውስጥ ሳይቀር ግድግዳ ስትገፋ ዋለች። ቋንቋ አላስፈለጋትም።

ይህ ቤት ነው እንግዲህ ለባለቤትዎ ጥያቄ መልሱ። ቤቱ ያለው ወጥመድ ሁሉ የተሠራው ለማጥቃት አይደለም፤ ለመሸሽ፣ ሰነድ ለመደበቅ፣ እንግዳ ሰው ሲመጣ አንድ ትንፋሽ ጊዜ ለማግኘት ነው። ልጅዎ ይህን በዓይኑ ካየ ስለ ኒንጃ የሚያውቀው ነገር ይለወጣል።

ከቤቱ ሥር ያለው ዐውደ ርእይ ላይ ለአሥር ዓመቱ ልጅ ሦስት ነገር አሳዩት። አንደኛው ማኪቢሺ ነው፤ አሳዳጅ እግር ሥር የሚበተን እሾህ። ብዙ ሰው የሚያውቀው የብረቱን ነው፤ የመጀመሪያው ግን የደረቀ የውኃ ተክል ፍሬ ነበር፤ ሹል ቀንዶች ያሉት፣ ውስጡ የሚበላ። ተይዞ ቢጠየቅ «ስንቄ ነው» ማለት ይችላል። ሁለተኛው ባለ አምስት ቀለም ሩዝ፦ ሩዙን ቀለም ነክረው መንገድ ዳር በመቁጠርና በመደርደር መልእክት ያስቀምጡበት ነበር። ሦስተኛው ሚዙጉሞ ይባላል፤ መሐሉ ክፍት የሆነ ክብ እንጨት ነው። በሥዕል ላይ ኒንጃው ሁለት እግሩ ላይ አስሮ ውኃ ላይ ይራመድበታል። ሰዎች ሞክረውታል፤ አይሆንም፣ ይሰምጣል። ተቀምጠውበት ረግረግ ይሻገሩበት ነበር የሚለው ነው ይበልጥ የሚያስኬደው። ልጁን «አንተ ብትሆን እንዴት ትጠቀምበት ነበር?» ብለው ይጠይቁት።

ይህ ሁሉ ዝም ብሎ ተረት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1676 ፉጂባያሺ ያሱታኬ የተባለ የኢጋ ሰው ጦርነት ካበቃ ከብዙ ጊዜ በኋላ ዕውቀቱ እንዳይጠፋ ሰግቶ «ባንሰንሹካይ» የሚባል ትልቅ የእጅ ጽሑፍ አሰናድቷል። ሚኤ ዩኒቨርሲቲም ከ2012 ጀምሮ የታሪክ ተመራማሪው ዩጂ ያማዳ ያሉበት የጥናት ቡድን አቋቁሞ የሠራበት ነው፤ በ2017 ኢጋ ከተማ ውስጥ ዓለም አቀፍ የኒንጃ ጥናት ማዕከል ከፍቷል፤ በ2020ም የመጀመሪያውን የኒንጃ ጥናት ማስተርስ ተመራቂ አስመርቋል። ባለቤትዎ መጠራጠር የሚወዱ ሰው ከሆኑ ይህን ይንገሯቸው።

ትርኢቱን በተመለከተ፦ ሙዚየሙ ውስጥ በሰይፍ፣ በሰንሰለትና በገመድ የሚታይ ትርኢት አለ። ክፍያው ከመግቢያው የተለየ ነው፤ የሚታይበት ቀንና ሰዓትም አስቀድሞ ስለሚታወቅ ቀናችሁን ከማስያዛችሁ በፊት እሱን እዩ። ለትንሿ የሚያስፈራት ድምፁ ነው፤ ሰይፍ ሲጋጭ ይጮኻል፣ ተዋንያኑም በድንገት ይጮኻሉ። ከፊት አትቀመጡ፤ መውጫው አጠገብ፣ ጭናችሁ ላይ አድርጓት። «አሁን ይጮኻሉ፣ ጨዋታ ነው» ብሎ አስቀድሞ መንገር ብዙ ይረዳል። ሹሪከን የሚባለውን የብረት ኮከብ መወርወርም አለ። ልጅ የሚስተው በጉልበት ለመወርወር ሲሞክር ነው። ክንዱን ከጆሮው አጠገብ አንሥቶ፣ እንደ ጦር ሳይሆን ከላይ ወደ ታች አየሩን እንደሚቆርጥ አድርጎ ይልቀቀው። ድምፁ ጠቅ ሲል እንጨቱ ላይ ተሰክቷል።

ልብሱንስ? ይከራዩላቸው። ኢጋ ከተማ ውስጥ ልጆች የኒንጃ ልብስ ለብሰው መንገድ ላይ መሄድ የተለመደ ነገር ነው፤ የባቡር ሠራተኛው እንኳ ፈገግ ብሎ ይሰግድላቸዋል። ኤፕሪል ውስጥ ከሄዳችሁ ደግሞ በጸደይ የሚከበረው የኒንጃ በዓል ሊገጥማችሁ ይችላል፤ ያኔ ከተማው በትንንሽ ኒንጃዎች ይሞላል። ብቻ ከኤፕሪል መጨረሻ እስከ ሜይ የመጀመሪያ ሳምንት ያለውን ጊዜ ሽሹት፤ የጃፓኖች ረጅም ዕረፍት ስለሆነ ባቡሩም ሆቴሉም አይቀመስም።

ምግብ ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ጾሙ ስላለ። ኢጋ ካታያኪ የሚባል ጠፍጣፋ የስንዴ ብስኩት አለ፤ የሺኖቢ ስንቅ ነበር ይባላል። በጥርስ አይሞከርም፤ ከትንሽ የእንጨት መዶሻ ጋር ይሸጣል፣ ልጆቹ ቀጥቅጠው ሰብረው አፋቸው ውስጥ አቆይተው ያለሰልሱታል። እናትዎ ከአዲስ አበባ የሚያውቁትን ደረቅ ቆሎ ያህል ጥርስ ይፈልጋል፤ ትንሽ ስባሪ ይስጧቸው። ለምሳ የኢጋ ሰዎች ዴንጋኩ የሚሉት ቶፉ አለ፤ ከአኩሪ አተር የሚሠራ አይብ መሳይ ነገር ነው፤ እንጨት ላይ ተሰክቶ ሚሶ የሚባል የአኩሪ አተር ድልህ ተቀብቶ በከሰል ይጠበሳል፣ ጠረኑ ከሩቅ ይጠራል። ነገር ግን እዚህ ላይ ይጠንቀቁ፦ ጃፓን ውስጥ ሥጋ የሌለው ምግብ ሁሉ የጾም አይደለም። ሾርባው፣ የኑድል መረቁ፣ አንዳንዴም ቅቡ «ዳሺ» በሚሉት የዓሣ መረቅ ይሠራል። እናትዎ በጾም ዓሣ የማይበሉ ከሆነ «ዳሺ አለው?» ብሎ መጠየቅ ልማድ አድርጉት። ኪዮቶ ስትሆኑ ደግሞ «ሾጂን ርዮሪ» የሚባለውን የመነኮሳት ምግብ ፈልጉላቸው፤ ሥጋም፣ ዓሣም፣ ወተትም፣ እንቁላልም የለውም። እናትዎ በልተው የሚጠግቡበት እሱ ነው። ቶኪዮ ላይ እንጀራ ካማራቸው ካትሱሺካ ወረዳ፣ ዮትሱጊ የሚባለው ሰፈር ውስጥ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን አሉ፤ አገሩን የሚያውቅ ሰው እዚያ አይጠፋም።

የእናትዎ ጉልበት፦ የኒንጃ ቤት ጫማ ተወልቆ የሚገባበት፣ ደፉ ከፍ ያለ፣ ደረጃው ጠባብ ነው። ክፍሎቹን ከታች ሆነው ማየት ስለሚችሉ ላይ መውጣት የለባቸውም። በቀላሉ የሚወልቅ ጫማ ያድርጉላቸው፤ ማሰሪያ ያለው ጫማ ሲያወልቁና ሲያጠልቁ ነው ብዙ አያቶች የሚደክማቸው። ከሙዚየሙ አጠገብ ያለው የኢጋ ኡኤኖ ግንብ እ.ኤ.አ. በ1935 በእንጨት እንደገና የተሠራ ነው፤ ከሥሩ ያለው የድንጋይ ካብ ግን የጥንት ሲሆን ቁመቱ ሠላሳ ሜትር ያህል ነው፣ ጃፓን ውስጥ ካሉት ረጃጅሞቹ አንዱ። እናትዎ ዛፍ ሥር ይረፉ፣ ባለቤትዎ ልጆቹን ይዘው ይውጡ። ካቡ ጫፍ ላይ ግን የትንሿን እጅ እንዳይለቁ፤ ወደ ታች ሲታይ ያዞራል።

አሥር ዓመቱ ልጅ «እውነተኛውስ የት ነው?» ካለ፣ ሌላ ቀን ኮካ አለ። ኮናን ከሚባለው ጣቢያ ሃያ ደቂቃ በእግር፣ የሞቺዙኪ ቤተሰብ ቤት እ.ኤ.አ. ከ1688 እስከ 1704 ባለው የገንሮኩ ዘመን ከተሠራበት ቦታ ሳይነሣ ቆሟል። ከውጭ አንድ ፎቅ ብቻ ይመስላል፤ ውስጡ ሦስት ነው። ትርኢት የለም፣ ጩኸት የለም፤ ጨለም ያለ ኮሪደር፣ ገመድ መሰላል፣ ጥልቅ ጉድጓድ። የኮካ ሰዎች መድኃኒት ቀማሚም ነበሩ፤ መድኃኒት እየሸጠ አገር ለአገር የሚዞር ሰው ማንም በር አይዘጋበትም፣ ወሬውንም ያጫውቱታል። ዛሬም ኮካ የመድኃኒት ፋብሪካዎች አገር ነው። እኔ ይህን ቤት ከሁሉ አስበልጬ እወደዋለሁ፤ ለአምስት ዓመት ልጅ ግን አልመክረውም፣ ቶሎ ይሰለቻታል። አባትና ልጅ ለብቻቸው ከኪዮቶ ቢሄዱ ግማሽ ቀን ይበቃቸዋል፤ እናንተ ሦስታችሁ ኪዮቶ ኒጆ ቤተ መንግሥትን እዩ። የዚያ ወለል ሲረግጡት እንደ ወፍ ይንጫጫል። ድሮ ሌባና ሰላይ እንዲያሳብቅ ሆን ተብሎ የተሠራ ነው ይባል ነበር፤ ከሥር ያሉት የብረት ማያያዣዎች ሲላሉ የሚሰጡት ድምፅ ነው የሚለው ማብራሪያ አሁን ይበልጥ ተቀባይነት አለው። ትንሿ ግን ሳታንጫጫ ለመራመድ ትሞክር፤ ማንም አልቻለም።

ቶኪዮ ላይ አንድ በነፃ የሚታይ ነገር አለ፣ አብዛኛው ቱሪስት ሳያየው ያልፋል። የንጉሠ ነገሥቱ ቤተ መንግሥት ምሥራቃዊ አትክልት ስፍራ ውስጥ በኦቴሞን በር ገብታችሁ ትንሽ ስትሄዱ በግራ በኩል ረጅም ዝቅ ያለ ቤት ታያላችሁ። «የመቶ ሰዎች ጥበቃ ቤት» ይባላል። ከላይ የነገርኳችሁ፣ ኢኤያሱን በተራራ ያሻገሩት ሰዎች ልጆችና የልጅ ልጆች ተራ እየገቡ የጠበቁት እዚህ ነው፤ የኢጋ መቶ፣ የኮካ መቶ እየተባሉ። ሰኞና ዓርብ ዝግ ነው። ከዚያ በምዕራብ ያለው በር ሃንዞሞን ይባላል፤ የጠባቂዎቹ አለቃ የሃቶሪ ሃንዞ ስም ነው፣ የምድር ውስጥ ባቡሩ መስመርም በስሙ ይጠራል። ወንዱ ልጅዎ ያንን ባቡር ሳይሳፈር ከቶኪዮ አይውጣ።

የከተማ ውስጥ ልምምድ ቤቶችን በተመለከተ፣ ኪዮቶና ቶኪዮ አሳኩሳ ላይ በእንግሊዝኛ የሚያስተምሩ አሉ፤ አንድ ሰዓት ገደማ፣ ልብስ፣ ኮከብ፣ በአፍ የሚነፋ ቀስት። ዝናብ ለዘነበበት ቀን ጥሩ ነው። ግን ከመክፈላችሁ በፊት የዕድሜ ገደቡን በጽሑፍ ጠይቁ። አንድ ጊዜ ከከተማ ልምምድ ቤቶች በአንዱ ለአራት ልጆች ከፍለን በር ላይ ስንደርስ «ከሰባት ዓመት በታች መወርወር አይችልም» ተባልን፤ የተጻፈው በጃፓንኛ ብቻ ነበር። ታናሿ ስታለቅስ ሌሎቹም ደስታው ጠፋባቸው፤ እኔም ያንን ቀን አልረሳውም። በተመሳሳይ ምክንያት ካናዛዋ ያለውን «የኒንጃ ቤተ መቅደስ» የሚሉትን ሚዮሪዩጂን ከዕቅዳችሁ አውጡት። ለትምህርት ያልደረሰ ልጅ አያስገባም፣ ቦታ አስቀድሞ መያዝ ያስፈልጋል፣ ስሙ እንጂ ከኒንጃ ጋርም ግንኙነት የለውም፤ ሃያ ሦስት ክፍልና ሃያ ዘጠኝ ደረጃ ያለው ድንቅ ሕንፃ ነው፣ ልጆቹ ሲያድጉ ተመለሱበት።

ኒኮ ያለው ኤዶ ዎንደርላንድ የድሮ ከተማ መስሎ የተሠራ ሰፊ መናፈሻ ነው፤ የኒንጃ ቴአትሩ ዝግና ጨለማ ስለሆነ ለትንሿ ይከብዳታል፣ ረቡዕም ይዘጋል። ናጋኖ ቶጋኩሺ ያለው የልጆች መንደር በጣም ደስ ይላል፤ ነገር ግን ተራራ ላይ ስለሆነ ክረምቱን ዘግቶ የሚከፍተው ኤፕሪል መጨረሻ ላይ ነው። የእናንተ ቀን ከዚያ ቀደም የሚል ከሆነ አይሆንም።

የጣቱን ምልክት ስለጠየቁ አከብርዎታለሁ፤ ብዙ ወላጅ እያሰበው አይጠይቀኝም። አዎ፣ ሥሩ ከእምነት ነው። ዘጠኝ ቃላት ናቸው፦ ሪን፣ ፒዮ፣ ቶ፣ ሻ፣ ካይ፣ ጂን፣ ሬትሱ፣ ዛይ፣ ዜን። ታኦ ከሚባለው የቻይና እምነት ጽሑፍ ተነሥተው ጃፓን ውስጥ በቡድሂስት መነኮሳትና በተራራ ባሕታውያን ዘንድ እንደ መከላከያ ጸሎት ይደገሙ ነበር፤ ሺኖቢዎቹም ከነሱ ወሰዱት። ዛሬ በልምምድ ቤት የሚያስተምሩት ትንፋሽ ለመሰብሰብና ለማተኮር እያሉ ነው፤ ማንም ስገዱ አይልም። ልጆቼ ይህንን ባይሠሩ ይሻላል ካሉ ለአሠልጣኙ አስቀድመው «ይህን እንለፈው» ይበሉት። ብዙ ቤተሰብ አድርጎታል፤ ቅር የተሰኘ አሠልጣኝ አላየሁም።

አንድ ነገር አደራ፦ ከመታሰቢያ ሱቅ የብረት ሹሪከን እንዳትገዙ። ጀርመን ውስጥ የመወርወሪያ ኮከብ መያዝ ራሱ በሕግ የተከለከለ ነው፤ ሻንጣ ውስጥ ማድረግም አያድንም። እንግሊዝም እንደዚያው። ከላስቲክ ወይም ከወረቀት የተሠራውን ግዙለት፤ ጃፓን ውስጥ ከሁለት ባለ ቀለም ወረቀት ኮከብ ማጠፍ ማንኛውም ልጅ የሚያውቀው ነገር ነው፣ ባቡር ላይ አንዱ ተሳፋሪ ቢያስተምረው አይግረማችሁ።

የእናትዎን ቪዛ ዛሬ ጀምሩ። የጀርመን ፓስፖርት ለያዘ ሰው ለአጭር ጉብኝት ቪዛ አያስፈልግም፤ በኢትዮጵያ ፓስፖርት ግን አዲስ አበባ ካለው የጃፓን ኤምባሲ መጠየቅ ግድ ነው፣ ሰነዱም ብዙ ነው። የኢትዮጵያ አየር መንገድ በሴኡል በኩል ናሪታ ስለሚገባ ጉዞው ለሳቸው አይከብድም።

እስከዚያ ልጆቹ ቤት ውስጥ ይለማመዱ። ሺኖቢ የሚራመደው እግሩን በትንሿ ጣት በኩል መጀመሪያ አሳርፎ፣ ክብደቱን ቀስ ብሎ ወደ ውስጥ እያመጣ ነው፤ ኮሪደሩ ላይ ጋዜጣ አንጥፉና ሳይንኮሻኮሽ ማን እንደሚያልፍ እዩ። ጎረቤት ድመት ካለ ደግሞ ሰዓት መቁጠሪያ አላችሁ። የሺኖቢ ግጥም እንደሚለው የድመት ዓይን ብሌን ጎሕ ሲቀድ ክብ ነው፣ ፀሐይ ከፍ ስትል እንቁላል ይመስላል፣ እኩለ ቀን ላይ እንደ መርፌ ይቀጥናል። ትንሿ ጠዋት፣ ቀትርና ማታ አይታ ትሣለው፤ ወረቀቱን ይዛችሁ ኢጋ ስትደርሱ ለአስጎብኚዋ ታሳያት።